ጀላቲ በቤታችን፦ ማንጎ፣ ዘይቱና እና የአዴ ሁመር

ሰኔ ሲገባ አዲስ አበባ ያለችው እህቴ ትደውልና "ዝናቡ መጣ፣ ብርዱ ከቤት አላስወጣ አለን" ትለኛለች። እኛ ድሬዳዋ ያን ሰሞን ፍራሽ አውጥተን በረንዳ ላይ ነው የምናድረው። ግንቦትና ሰኔ የድሬ ሙቀት የሚበረታባቸው ወራት ናቸው። ቀን ላይ 35 ዲግሪን አልፎ ይሄዳል። ከ6 ሰዓት በኋላ ከተማው ጭር ይላል። ሱቆች ይዘጋሉ። ባጃጆች ዛፍ ጥላ ስር ይደረደራሉ። ትምህርት ቤት የሚዘጋውም በዚሁ ሰሞን ነው። ልጆቹም ሙቀቱም አንድ ላይ ቤት ይገባሉ።

እኔ ፍሪጅ ጠጋኝ ነኝ። ሳቢያን ውስጥ ትንሽ ሱቅ አለችኝ። በዚህ ወቅት ስልኬ ከጠዋቱ 1 ሰዓት ጀምሮ ይጮሃል። "ፍሪጄ ማቀዝቀዝ አቆመ"፣ "በረዶ ጋገረ"፣ "ሞተሩ ይጮሃል ግን አያቀዘቅዝም"። ቀን የሰው ፍሪጅ ሳስተካክል እውላለሁ። ማታ ቤቴ ገብቼ ለልጆቼ የፍራፍሬ ጀላቲ እሠራለሁ። አሠራሩን የጠየቁኝ ደንበኞች ስለበዙ ሁሉንም አንድ ቦታ ልጻፈው ብዬ ነው።

የጀመርኩት ከሁለት ዓመት በፊት ነው። ታላቋ ልጄ ያኔ 7 ዓመቷ ነበር። ከትምህርት ቤት ስትመለስ መንገድ ላይ ጀላቲ ገዝታ በላች። ቀይ ነበር። ከንፈሯም ምላሷም ቀልቶ ነው ቤት የገባችው። ሌሊት ትውከትና ተቅማጥ ጀመራት። ሦስት ቀን ሙሉ ለምለም የሚባለውን የተቅማጥ ዱቄት እየበጠበጥን በማንኪያ በማንኪያ ስንሰጣት ቆየን። ሐኪሙ "ውሃው ሊሆን ይችላል" አለን። ያ ጀላቲ ይሁን ሌላ ነገር በእርግጠኝነት መናገር አልችልም። ሻጩንም አልወቅሰውም፤ በዚያ ፀሐይ ሳጥን ተሸክሞ የሚዞር ልጅ ነው።

ግን አንድ ነገር ከነከነኝ። ብዙ ሰው በረዶ የሆነ ነገር ሁሉ ንጹሕ ይመስለዋል። እኔ በሥራዬ አውቀዋለሁ፤ ቅዝቃዜ ጀርምን አይገድልም። ያስተኛዋል እንጂ። በረዶው አፍ ውስጥ ሲቀልጥ እሱም ይነቃል። ይህን እያወቅኩ ለልጄ አንድም ቀን ነግሬያት አላውቅም ነበር።

በአራተኛው ቀን ተሻላትና አልጋዋ ላይ ተቀምጣ፣ "አባ፣ ከእንግዲህ ጀላቲ የለም?" አለችኝ። ፊቷ ከስቶ ዓይኗ ብቻ ነበር የቀረው። "አለ" አልኳት። "እኔ እሠራልሻለሁ።" ፍሪጅ ጠጋኝ ሆኜ እንዴት የለም እላታለሁ?

የመጀመሪያው አልሆነም። ብርቱካን ጨመቅኩ፣ ውሃ ጨመርኩበት፣ ትንሽ ስኳር ጣል አደረግኩና በቡና ሲኒ ቀዳሁት። ትንሽ ጠጠር ሲል በየሲኒው አንድ የሻይ ማንኪያ ተከልኩበት። ሲኒ አፉ ሰፋ ስለሚል በረዶው ቶሎ ይለቃል። ያ መላ ጥሩ ነበር። ጠዋት አውጥቼ ሰጠኋት። ሁለት ጊዜ መጠጠችው። ከዚያ አየችው። ከዚያ እኔን አየችኝ። ብርቱካኑ ሁሉ ተመጥጦ አልቆ ማንኪያው ላይ የቀረው ነጭ በረዶ ብቻ ነበር። ቅር እንዳይለኝ ብላ ምንም አላለችም። እሱ ነው የከበደኝ።

ያን ቀን ሱቄ ውስጥ ተቀምጬ አሰብኩበት። ነገሩ እንዲህ ነው። ጣፋጭ ውሃ ሲቀዘቅዝ ሁሉም ነገር እኩል አይረጋም። ቀድሞ በረዶ የሚሆነው ውሃው ነው። ስኳሩና ጭማቂው እየተገፋ በበረዶው መካከል ባሉ ቀዳዳዎች ውስጥ ይቀራል። ስለዚህ ልጁ ሲመጠው እንደ ስፖንጅ ጣዕሙ ይወጣና በረዶው ይቀራል። ውሃው በበዛ ቁጥር፣ ቅዝቃዜውም በዘገየ ቁጥር የበረዶው ፍሬ እየተለቀ ይሄዳል፤ ነገሩም ይብሳል። መፍትሔውም ከዚያው ይገኛል። ውሃውን መቀነስ፣ ቶሎ ማርጋት።

ውሃውን ለመቀነስ ጭማቂ ትቼ ሥጋው ወዳለበት ፍሬ ዞርኩ። ማንጎ ላይ።

ማንጎ ስገዛ ቀፊራ ነው የምሄደው። ጠዋት ሳይሞቅ። ከገጠር የመጡት ሴቶች መሬት ላይ ከምረው ይሸጣሉ። ለጀላቲ የሚሆነው ቆንጆው ማንጎ አይደለም። ቆዳው ላይ ጥቁር ነጠብጣብ የጣለበት፣ ሲነኩት ለስለስ የሚለው፣ እንጨቱ ጋ ሲያሸቱት ሽታው አፍንጫ የሚሞላው ነው። እሱን ደግሞ ቶሎ እንዲነሳላቸው ቅናሽ ያደርጉበታል። ያልበሰለ ማንጎ ገዝቶ በስኳር አጣፍጠዋለሁ ማለት ከንቱ ድካም ነው። ስኳር ጣፋጭ ያደርጋል እንጂ የማንጎ ጣዕም አይጨምርም።

የሀገራችን ማንጎ ጭረት አለው። ጥርስ መሃል የሚገባው ማለቴ ነው። ጀላቲ ውስጥ ሲሆን እንደ ክር ይሆናል፤ ልጆች ይጠሉታል። ስለዚህ ልጬ፣ ከፍሬው ላይ ገፍፌ፣ በጁስ መፍጫ ፈጭቼ፣ በወንፊት በማንኪያ ጀርባ እየገፋሁ አጠልለዋለሁ። ይህን ሥራ የምትወደው ትንሿ ልጄ ናት። ወንበር ላይ ቆማ ማንኪያውን ክብ ክብ ታዞረዋለች። ወፍራሙ ቢጫ ከወንፊቱ ስር ቀስ እያለ ይወርዳል፣ ይንጠለጠላል፣ ከዚያ ጠብ ይላል። ወንፊቱ ላይ ፀጉር የመሰለ ጭረት ይቀራል። እጇ እስከ ክርኗ ቢጫ ይሆናል። ሲያልቅ ክርኗን ትልሳለች።

ልኩን ልንገራችሁ። አንድ ኪሎ የበሰለ ማንጎ ተልጦ ተጠልሎ ሁለት ብርጭቆ ተኩል ያህል ይወጣዋል። በውሃ ብርጭቆ ነው የምለካው። ለብቻው አንድ ብርጭቆ ስኳር በአንድ ብርጭቆ ውሃ አፍልቼ አቀዘቅዛለሁ። ከዚህ ሽሮፕ ግማሽ ብርጭቆ ብቻ ማንጎው ላይ አደርጋለሁ። የቀረው ጠርሙስ ውስጥ ፍሪጅ ይቀመጣል፤ ለሌላ ጊዜ ይሆናል። ከዚያ የሁለት ሎሚ ጭማቂ። በመጨረሻ በሁለት ጣት ቆንጠር ያደረግኩት ጨው።

ጨዉ የባለቤቴ ነው። እኔ አላስብም ነበር። አንድ ቀን ድብልቁን ቀምሳ "ጣፍጧል፣ ግን ዝም ብሏል" አለችኝ። "ጨው ጣል አድርግበት፤ ወጥም እኮ ያለ ጨው ዝም ነው።" ጣል አደረግኩ። ጨው ጨው አላለም። ማንጎው ግን ተናገረ። ሎሚውም እንደዚያው ነው። ያለ ሎሚ የማንጎ ጀላቲ ከሁለተኛው ጉርሻ በኋላ ይሰለቻል።

ሌላው መታወቅ ያለበት፣ ቅዝቃዜ ጣዕም ይበላል። ምላስ ሲቀዘቅዝ ጣፋጭነት በደንብ አይሰማውም። ድብልቁን ስትቀምሱት ለመጠጥ ቢሆን ትንሽ በዛ የምትሉት ጣፋጭነት ነው ለጀላቲ ልክ የሚሆነው። ግን ደግሞ ተጠንቀቁ። ስኳር ውሃን ቶሎ በረዶ እንዳይሆን ያደርገዋል። ከመጠን በላይ ካበዛችሁት ሌሊቱን አድሮም አይጠነክርም፤ እንደ ጭቃ ሆኖ ከእንጨቱ ላይ ይንሸራተታል። አንድ ጎረቤታችን በማር ብቻ ሠርታ ይኸው ነው የገጠማት።

ውሃውን አፍሉት። ሽሮፑ ስለሚፈላ ችግር የለውም፤ ግን ፍሬውን ለማቅጠን ቧንቧ ከፍተው የሚጨምሩ ሰዎች አይቻለሁ። የድሬ ውሃ ኖራው ብዙ ነው፤ ማንቆርቆሪያችን ውስጥ ነጭ ቅርፊት ይሠራል። ስለዚህ አፍልቼ አስቀምጠዋለሁ፤ ሲጠልል ከላዩ ብቻ እቀዳለሁ። ማንጎውንም ከመላጤ በፊት በደንብ አጥበዋለሁ። ቆዳው ላይ ያለው ሁሉ በቢላዋው ወደ ሥጋው ይገባልና። ልጄ አልጋ ላይ የነበረችባቸው ሦስት ቀናት ከዓይኔ አልጠፉም።

አሁን ወደ ራሴ ሙያ ልምጣ።

ድብልቁን በሞቀበት ፍሪዘር ውስጥ አታስገቡ። መጀመሪያ ታች ፍሪጁ ውስጥ ሁለት ሰዓት ይቆይ። ከዚያ ወደ ማውጫው ቅዱት። ማውጫ የምለው የጀላቲ ቅርጽ ያለውን ፕላስቲክ ነው። እኔ ሁለት ባለ ስድስቱን ታይዋን ገበያ ገዛሁ፤ ክዳኑ ከነመያዣው የተሠራ ነው። ከሌላችሁ ሲኒም ስቲል ኩባያም ይሆናል። እንዲያውም ብረት ቅዝቃዜ ቶሎ ስለሚያሳልፍ ከፕላስቲክ ይሻላል። አፉ ድረስ አትሙሉት። ውሃ በረዶ ሲሆን ከመቶ 9 ያህል ይሰፋል። የጣት ውፍረት ተውለት።

አብዛኛው የኛ ሰው ቤት ያለው ፍሪጅ ፍሪዘሩ ላይ የሚገኘው ትንሹ ዓይነት ነው። የዚያ ወለሉ ራሱ ነው የሚያቀዘቅዘው፤ ጋዙ የሚዞረው በውስጡ ነው። ጀላቲውን ሥጋ ላይ ወይም ላስቲክ ላይ ካስቀመጣችሁት ከቅዝቃዜው አራቃችሁት ማለት ነው። ቦታ ጥረጉለት። ወለሉ ላይ ሁለት ማንኪያ ውሃ አፍስሱና ማውጫውን እላዩ ላይ አስቀምጡት። ያ ውሃ ወዲያው በረዶ ይሆንና ማውጫውን ከወለሉ ጋር ያጣብቀዋል። ቅዝቃዜው በቀጥታ ያልፋል። ይህን ካደረግኩ ወዲህ ሌሊቱን ይፈጅ የነበረው ከአራት እስከ አምስት ሰዓት ይበቃዋል። ቶሎ ሲረጋ ደግሞ የበረዶው ፍሬ ደቃቅ ስለሚሆን ሲነክሱት ለስላሳ ነው።

ቴርሞስታቱን ማታ ወደ መጨረሻው ቁጥር አዙሩት፤ ጠዋት መልሱት። ፍሪዘሩ ግድግዳ ላይ በረዶ ከጋገረ አስቀድማችሁ አቅልጡት። የጋገረ በረዶ ያቀዘቅዛል ብሎ የሚያስብ አለ፤ እሱ እንደ ብርድ ልብስ ነው፣ ቅዝቃዜውን ይከለክላል። ስታቀልጡት ግን እባካችሁ በቢላዋ አትፈልፍሉት። በሰኔ ሱቄ ውስጥ ከሚገቡት ፍሪጆች ብዙዎቹ በቢላዋ የተበሱ ናቸው። ጋዙ "ፍስስ" ብሎ ይወጣል፤ ከዚያ ሥራው ለኔ ይተርፋል፣ ወጪው ለእናንተ። ነቅላችሁ በሩን ክፈቱት፤ በድሬ ሙቀት ራሱ ይቀልጣል።

የበሩን ጎማም እዩ። አንድ ወረቀት በሩ ላይ አድርጋችሁ ዝጉትና ሳቡት። ያለ ምንም ትግል ከወጣ ጎማው ልሟል፤ ቅዝቃዜያችሁ በዚያ እየወጣ ነው።

ከማንጎ ቀጥሎ የወደድነው ዘይቱና ነው። ዘይቱና ፍሬው ጠንካራ ስለሆነ ጥሬውን መፍጨት አይመችም። አንድ ኪሎውን ለሁለት ለሁለት ቆርጬ፣ በሁለት ብርጭቆ ውሃ ለሩብ ሰዓት አፈላዋለሁ። ሲለሰልስ በወንፊት እጨምቀዋለሁ፣ ፍሬው ይቀራል። ዘይቱና በተፈጥሮው ፔክቲን አለው፤ ማርማላታን የሚያጠብቀው ነገር ማለት ነው። ስለዚህ ጀላቲው በረዶ በረዶ አይልም። ቀይ ሥጋ ያለውን ካገኛችሁ ቀለሙ እንደ ጽጌረዳ ነው። ሽታው ፍሪዘሩን ሲከፍቱ ይቀበላችኋል።

ሐብሐብ ሁሉም ይሞክረዋል፤ እኔም ሞክሬዋለሁ። ከመቶ ከ90 በላይ ውሃ ነው፤ የብርቱካኑ ታሪክ ይደገማል። እኔ ሐብሐብን እንዲሁ ቆርጦ መብላት ይሻላል ባይ ነኝ። ሙዝ ግን ለሁሉም ይረዳል። ሌላ ፍሬ ቀጥኖ ካስቸገረ አንድ የበሰለ ሙዝ ጨምሩበት፤ ወተት የገባበት ይመስላል። ፍልሰታን ለሚጾሙ ልጆች ይህ ትልቅ ነገር ነው። ጊሽጣ ባገኝ ደስ ይለኛል፣ ግን እሱን በወንፊት ማሳለፍ ግማሽ ቀን ይፈጃል። ፓፓያን ከወተት ጋር አትቀላቅሉ። ጥሬ ፓፓያ ወተትን የሚሰባብር ነገር ስላለው ትንሽ ከቆየ ይመራል።

ፓፓያ እኛ ቤት ያለው ቦታ ሌላ ነው። እሱን ያስተማረችን አዴ ናት።

አዴ ጎረቤታችን ናት። ሰፈሩ በሙሉ አዴ ነው የሚላት። ከ70 አልፋለች። ድሬ አንቱታ ስለማይታወቅ "አንቺ" እንላታለን፤ አክብሮቱ በድምፃችን ውስጥ ነው። አንድ ቀን ከማንጎው አንድ ልኬላት ነበር። ጥርሷን ስለሚያማት ሲኒ ውስጥ አድርጋ እስኪቀልጥ ጠብቃ ጠጣችው። ማታ አጥሩ ጋ ጠራችኝ።

"አንተ፣ ይሄ ጥሩ ነው። ግን ጥም አይቆርጥም" አለችኝ።

"ታዲያ ምን ይሻላል አዴ?"

መልስ ሳትሰጠኝ ገብታ በፌስታል ጠቅልላ ሁመር ሰጠችኝ። ሌላ ቦታ ሮቃ የሚሉት ነው። የደረቀ፣ ጥቁር ቡናማ፣ እንደ ቴምር የሚጣበቅ። "በሙቅ ውሃ ዘፍዝፈው፤ በእጅህ እሸው፤ በማሽን እንዳትነካው" አለች። በማሽን ለምን እንደከለከለችኝ ሳልታዘዛት ነው የገባኝ። ማሽኑ ፍሬውን ይሰባብረውና ይመራል።

ሩብ ኪሎ የማይሞላ ሁመር በሁለት ብርጭቆ ሙቅ ውሃ አንድ ሰዓት ዘፈዘፍኩት። በእጄ አሸሁት። ጣቴ መሃል ሥጋው ይሟሟል፣ ፍሬው እንደ ጠጠር ለስላሳ ሆኖ ያመልጣል፤ ክሩ ብቻ ይቀራል። ጠለልኩት። ሽታው ረመዳን ነው። አዴ ቤት በማፍጠሪያ ሰዓት ከጆግ የሚቀዳው ሁመር ልጅነቴን ይዞ ነው የሚመጣው። እኛ ክርስቲያን ብንሆንም የዚያ ጆግ ድርሻ ሁልጊዜ ነበረን።

ግን ሁመር ቀጭን ነው፤ ብቻውን በረዶ ይሆናል። ስኳር ባበዛበት ደግሞ አይረጋም። ፓፓያው እዚህ ላይ ነው የሚገባው። ፓፓያ ብቻውን ጀላቲ ሲሆን ጣዕሙ ልል ነው፤ ሥጋው ግን ወፍራምና ልስልስ ነው። ሁመር ጣዕም አለው፤ አካል የለውም። ሁለት ብርጭቆ የተፈጨ ፓፓያ፣ አንድ ብርጭቆ ወፍራም ሁመር፣ ከግማሽ ብርጭቆ ትንሽ የሚበልጥ ሽሮፕ። ቀለሙ እንደ ጡብ ነው፤ ለዓይን አይማርክም። ግን ቀኑን ሙሉ ጣሪያ ላይ ኤሲ ስሰቅል ውዬ ማታ እሱን ስነክስ መንጋጋዬ ስር ምራቅ ይሞላል፤ ጥሜ እዚያው ይቆረጣል። አዴ ትክክል ነበረች። እኛ ቤት አሁን ከማንጎው በፊት የሚያልቀው የአዴ ሁመር ነው።

ያለፈው ሰኔ መጨረሻ፣ ሰርተፍኬት በተሰጠበት ቀን የሆነውን ልጨምር። መብራት ለሚጠፋበት ሰው ሁሉ ይጠቅማል።

ልጄ ለጓደኞቿ "አባቴ ጀላቲ ይሠራል፣ ከሰዓት ኑ" ብላ ነግራለች። ማታ 3 ሰዓት ላይ ሁሉንም ሞልቼ አስገባሁ። ከሌሊቱ 6 ሰዓት መብራት ጠፋ። እስከ ጠዋት አልመጣም። እስከ ቀትርም አልመጣም። ፍሪዘሩን ስከፍት ማውጫው ውስጥ ያለው ግማሹ በረዶ ግማሹ ውሃ ነበር። ልጄ ምንም ሳትል በሩ ላይ ቆማ ታየኛለች። ያ የመጀመሪያው የብርቱካን ጠዋት ትዝ አለኝ።

እኔ ግን ለደንበኞቼ ሁሉ የምመክራትን ነገር ራሴም አደርጋለሁ። ፍሪዘር ውስጥ ባዶ ቦታ ካለ ባለ ሁለት ሊትር የውሃ ጠርሙስ ሞልቼ አስቀምጣለሁ፤ መብራት ሲጠፋ ቅዝቃዜውን ይይዛል። ሦስቱ ገና ድንጋይ እንደሆኑ ነበሩ። ጠርሙሱን ቀደድኩት፣ በረዶውን በማዳበሪያ ከረጢት ጠቅልዬ በዘነዘና ወቀጥኩት። ስድስት ኪሎ ገደማ በረዶ። ባለቤቴ ሁለት ኪሎ ደረቅ ጨው ከሱቅ አመጣች። ሰፊ ሳፋ ውስጥ በረዶና ጨው እያፈራረቅኩ ደባለቅኩ።

ጨው በረዶን ያቀልጠዋል። ሲቀልጥ ግን ሙቀት ከአካባቢው ይወስዳል፤ ድብልቁ ከበረዶም በታች ይቀዘቅዛል። ኤሌክትሪክ ሳይኖር አይስክሬም ይሠራ የነበረው በዚህ ነው። ለሥራ የምይዘውን ቴርሞሜትር ከተትኩበት። ከዜሮ በታች 16 አለኝ። መብራት ሳይኖር፣ ያ ሁሉ ሙቀት ባለበት ቀን። ልጄ ቁጥሩን ጮክ ብላ አነበበችው። "አባ፣ ከፍሪጁ እኩል ነው!" አለች። ጥሩ ፍሪዘር ከዜሮ በታች 18 እንደሚል ቀድሜ ነግሬያት ነበር።

ከጎረቤት ስቲል ኩባያ ሰበሰብን። አዴ ብቻዋን ስድስት ሰጠች። ያልረጋውን ጀላቲ ወደ 15 ኩባያ ገለበጥኩትና ኩባያዎቹን በረዶው ውስጥ እስከ አንገታቸው ቀበርኳቸው። በላስቲክ ሸፈንኩ፣ ከላይ ብርድ ልብስ ጣልኩበት። ጠጠር ሲል በየኩባያው የሻይ ማንኪያ ተከልኩ። አንዱ ውስጥ ጨው ውሃ ገባበት፤ እሱን ደፋሁት። ስለዚህ ኩባያው ከበረዶው በላይ ብቅ ማለቱን እዩ። ከአንድ ሰዓት ትንሽ አለፍ ሲል ጠነከረ።

ለማውጣት የሮቶ ውሃ በቂ ነው። ጣሪያ ላይ ፀሐይ ሲመታው የዋለ ስለሆነ ሞቅ ብሎ ነው የሚወርደው። ኩባያውን አምስት ድረስ እየቆጠርን ነከርነው፣ ማንኪያውን ሳብ አደረግነው፣ "ቶክ" ብሎ ወጣ። ልጆቹ በረንዳው ላይ ተደርድረው ተቀመጡ። 13 ነበሩ። ለተወሰነ ጊዜ የመምጠጥ ድምፅ ብቻ ነበር የሚሰማው። አሥራ አራተኛው የአዴ ነበር። ዛሬ ሲኒ አልፈለገችም። በሻሿ ጫፍ ማንኪያውን ይዛ፣ ጥርሷን እየሸሸች በምላሷ ብቻ እስኪያልቅ ላሰችው።

ልጆቹ ሲሄዱ ባለቤቴ "ማንኪያ የመለሰ ሌላ ቀን ደግሞ ያገኛል" ብላ ነገረቻቸው። ቆጠረች። አንድ ጎደለ። መብራቱ የመጣው ማታ 4 ሰዓት ላይ ነው፤ ሞተሩ ሲነሳ ሰማሁት። ተነስቼ የቀረውን ሁመር ቀድቼ አስገባሁ።

በማግስቱ ጠዋት 1 ሰዓት ሳይሞላ በሩ ተንኳኳ። ደንበኛ መሰለኝ። ስከፍት የአዴ ትንሹ የልጅ ልጅ ነው። አራት ዓመት አይሞላውም። ባዶ እግሩን፣ በሁለት እጁ የሻይ ማንኪያችንን ቀጥ አድርጎ እንደ ሻማ ይዞ ቆሟል።

"ጋሼ፣ ማንኪያው ይኸው" አለኝ። "ትከለው።"